ጨጓራዬና የሦስት ከተማ ጉብኝት

ድሮ መጎብኘት የፈረንጅ ሥራ ነበር። ፈረንጅ ቁምጣውን ታጥቆ፣ ባርኔጣውን ደፍቶ፣ እኛ በየቀኑ እያማረርን የምንዘለውን ቦይ ፎቶ ሲያነሳ እናይና «ምን ጠፍቶበት ነው?» ብለን እንስቅበት ነበር። ዛሬ እኛው በገዛ ሰፈራችን ጎብኚ ሆነናል። ስልክ ያለው ሁሉ አስጎብኚ፣ የሚሄድበት ያጣ ሁሉ ጎብኚ ነው። እኔም አንድ ረቡዕ የምኖርበትን ከተማ ልጎበኝ ወጣሁላችሁ። ስሜ የተጻፈበት ካርድ አንገቴ ላይ ተንጠልጥሎ፣ ጠዋት ጠዋት ታክሲ የምጋፋበት ፌርማታ «በስተግራችሁ የምትመለከቱት» እየተባለ ተተረከልኝ።

ነገሩ የመጣው በአማቴ በኩል ነው። እኔና ባለቤቴ ሂሩት አዲስ አበባን ለቀን እዚህ ሰበታ ውስጥ፣ ዓለም ገና ቤት ስንከራይ፣ አማቴ እትዬ አስካለ ስደት የወጣን ያህል አለቀሱ። እሳቸው ጉለሌ የራሳቸው ቤት አላቸው። ከቤቱ ጀርባ አንዲት ሰርቪስ ክፍል አለች። አልጋ ሲገባባት በሯ አይዘጋም፤ መስኮቷ ደግሞ የሚከፈተው በቀጥታ ወደ እትዬ አስካለ መኝታ ቤት ነው። ይህችን ክፍል ነው «ቤታችሁ» የሚሉን። ባለፈው የገና በዓል አድሬባት ከቅርብ አየኋት። እዚያች ክፍል ውስጥ ያስነጠሰ ሰው ሳይጨርስ «ይማርህ» ይባላል፤ ያላስነጠሰ ደግሞ ለምን ዝም እንዳለ ይጠየቃል። እዚያ ከምገባ ዓለም ገና አቧራ ስቅም ብኖር እመርጣለሁ።

እዚህ ላይ ስለ ጨጓራዬ መናገር ይኖርብኛል። ጨጓራ የለብኝም። ሆዴ የሰጡትን ሁሉ ተቀብሎ ተጨማሪ የሚጠይቅ ሆድ ነው። ነገር ግን ሂሩትን ባገባሁ ዓመት ሁዳዴ ሲገባ እትዬ አስካለ «እስከ ስንት ሰዓት ነው የምትጾመው?» ብለው ጠየቁኝ፤ እኔም አፌ ላይ የመጣልኝን «ጨጓራ አለብኝ፣ ሐኪም ከልክሎኛል» አልኳቸው። ምን አዲስ ነገር አለው? ግማሹ የመሥሪያ ቤታችን ሰው ሁዳዴን የሚሻገረው በዚህችው በሽታ ነው። ፋሲካ ሲደርስ ሁሉም በአንድ ሌሊት ድኖ ዶሮውን ይጋፈጣል።

እትዬ አስካለ ግን ከምር ወሰዱት። ተልባ ይልኩልኛል፤ ሱባዔ ይገቡልኛል። ዓለም ገና ስንገባ ደግሞ ለበሽታዬ ምክንያት አገኙለት። «ይሄ የጉድጓድ ውኃ ነው የልጁን ጨጓራ የጨረሰው! በሉ ወደ ቤታችሁ ተመለሱ» ይላሉ። ሂሩትም የታክሲው ግፊያ ሲያማርራት «አንድ ቀን እናቴ ትምጣና አገሩን ትየው። እሷ ያለችው ይሆናል» አለችኝ። ዓለም ገና መቅረታችን ወይም ሰርቪሷ ውስጥ መግባታችን በእትዬ አስካለ አንድ ቃል ላይ ወደቀ ማለት ነው።

እንግዲህ በዚህ ጭንቀት ላይ ሳለሁ ነው ጎረቤታችን ቶሌራ የደረሰልኝ። ቶሌራ ቱሪዝም ተምሮ የተመረቀ ወጣት ነው። ሥራ ሲያጣ ሥራ ፈጠረ፤ ስሙንም «የቀለበት ጉብኝት» አለው። ሰበታ፣ ቡራዩና ሱሉልታ አዲስ አበባን እንደ ቀለበት ከበዋታል፣ ስለዚህ የሦስቱን ከተሞች ምግብና የባህል ታሪክ በአንድ ቀን ማዞር ነው ሐሳቡ። እትዬ አስካለን በዚህ ላይ ባሳፍራቸው፣ ታሪኩን ሰምተው፣ ምግቡን ቀምሰው «ለካ እዚህም ሰው ይኖራል» የሚሉ መሰለኝ።

«ለምን ረቡዕ አደረግከው?» ብዬ ጠየቅኩት።

«ቅዳሜና እሁድ መንገዱን የሰርግ መኪና ይዘጋዋላ!» አለኝ።

ልክ ነህ ብዬ ራሴን ነቀነቅኩ። በሁዳዴ አጋማሽ የምን ሰርግ እንዳለ እሱም አላሰበ፣ እኔም አላሰብኩ። እሱስ ጴንጤ ነው፣ ይቅርታ ይደረግለት። እኔ የደብተራ የልጅ ልጅ ነኝ። ግን የማይጾም ሰው ጾም መግባቱን በምን ያውቃል?

ረቡዕ ጠዋት ሚኒባሱ በራችን ላይ ቆመ። እትዬ አስካለ ኪዳን አድርሰው ነጠላቸውን እንዳጣፉ ከጉለሌ መጡ። እኔ የነገርኳቸው የታሪክ ጉብኝት ነው ብዬ ነው፤ ምግቡን ዘልዬዋለሁ። ተመዝግበው የነበሩት አሥራ ሁለት ሰዎች ነበሩ። ከእኛ ከሦስታችን በስተቀር ሁሉም «ውይ፣ ለካ ሁዳዴ ነው» የሚል መልእክት ልከው ቀርተዋል።

«ኖ ፕሮብሌም!» አለ ቶሌራ፤ «ጎብኚ ሲያንስ ኤክስፔሪያንሱ ይበልጣል። ምግቡ ግን ለአሥራ ሁለት ሰው ተሠርቶ አልቋል።»

«የምን ምግብ?» አሉ እትዬ አስካለ።

«በየከተማው ባህላዊ ምግብ እየቀመስን ነው የምንሄደው፣ እማማ።»

«እኔ እስከ ዘጠኝ ሰዓት እህል አልቀምስም። ከዘጠኝ በኋላም ቅቤ በአፌ አይዞርም።»

ቶሌራ ወደ ሂሩት ዞረ። ሂሩት እናቷ አጠገቧ ካሉ መነኩሲት ናት፤ ራሷን ወዘወዘች። ሾፌሩም «እኔም እስከ ዘጠኝ ነኝ» አለ፣ ማንም ሳይጠይቀው። ይሄኔ እትዬ አስካለ «አንተስ ራስህ?» ብለው አስጎብኚውን ጠየቁት። ቶሌራ አንገቱን አቀረቀረ። ለካ ቤተ ክርስቲያናቸው የጾም ጸሎት ሳምንት አውጆ እሱም ከውኃ በቀር አይቀምስም። የምግብ ጉብኝት የሚመራ ጿሚ በዓለም ላይ ከዚህ ልጅ ሌላ ካለ ንገሩኝ። ሁሉም በአንድ ላይ ዞረው እኔን አዩ።

«እሱ እንኳ ይበላል፣ ምስኪን» አሉ እትዬ አስካለ። «ጨጓራ አለበት።»

ቶሌራ ለሦስት ጎብኚ ሜጋፎን ይዞ ነበር። የሚኒባስ ውስጥ ሜጋፎን ምን እንደሚያደርግ ያልሰማ ሰው ጆሮው የታደለ ነው። ሰበታ እንደ ገባን «ጋይስ!» ብሎ ጮኸ፤ «ይህ የምታዩት ዛፍ ታሪካዊ ነው። በሥሩ አንድ ትልቅ ሰው ዐርፏል።»

«ማን?» አሉ እትዬ አስካለ።

«አልታወቀም።»

«መቼ?»

«እሱም በጥናት ላይ ነው። ግን ዐርፏል።»

«ደክሞት ይሆናል» አሉና ፊታቸውን ወደ መስኮቱ መለሱ። ትንሽ ሄድ ብለን አንድ የፈረሰ አጥር አሳየን፤ ታሪካዊ ነው አለ። ሾፌሩ «ይሄ እኮ ባለፈው ክረምት ሲኖ ትራክ የገጨው ነው» አለው። ቶሌራ ምንም ሳይደነግጥ ይህንንም በሜጋፎኑ ደግሞ ነገረን። የዩኒቨርሲቲ ትምህርት ለሰው ድፍረት እንደሚሰጥ ያመንኩት ያን ጊዜ ነው።

የመጀመሪያው ማረፊያችን የኦቦ ደበላና የባለቤታቸው የአዴ ጫልቱ ቤት ነበር። ኦቦ ደበላ የቶሌራ አጎት ናቸው፤ እነሱም ጴንጤዎች ስለሆኑ ቅቤያቸው ሁዳዴን አያውቅም። በሩ ላይ «ኮቱ! ኮቱ! ግቡ!» ብለው ተቀበሉን። መሐል ቤት ለአሥራ ሁለት ሰው የተሠራ ጨጨብሳ በሰፌድ ሙሉ ተቀምጧል። ቂጣው በቅቤና በበርበሬ ርሶ ያብረቀርቃል። አጠገቡ ጭኮ አለ፣ እሱም በቅቤ የታሸ የገብስ ዱቄት ነው። ቤቱ ውስጥ ቅቤ የሌለበት ነገር ቢኖር ወንበሩ ነው።

ጿሚዎቹ «ጾም ነን» ሲሉ አዴ ጫልቱ ተረዱላቸው። ለጿሚ ይቅርታ አለ። ለማይጾም እንግዳ ግን በዚህ አገር ይቅርታ የሚባል ነገር የለም። ምግቡ ሁሉ ወደ እኔ ተገፋ።

«ኛዱ! ብላ እንጂ!» አሉ ኦቦ ደበላ። «እሷ ከሌሊት ጀምራ ነው ያበሰለችው።»

በላሁ። መጀመሪያ ላይ፣ አልዋሽም፣ ደስ ብሎኝ ነው የበላሁት። የሰፌዱ ዳር ዳር ሲነሳ ግን መሐሉ ጭራሽ የሰፋ መሰለኝ። አዴ ጫልቱ «በሞቴ» ብለው አጎረሱኝ። «አንድ ጉርሻ ያጣላል» ብለው ደገሙኝ። ሦስተኛውን በምን ምክንያት እንደሰጡኝ አላስታውስም፤ አፌ ሙሉ ስለነበረ አልጠየቅኩም። በመጨረሻ እጄን ሆዴ ላይ ጫን አድርጌ ያችን የለመድኳትን ጨጓራዬን ልጠራት አልኩ።

እትዬ አስካለ ከወንበራቸው ብድግ አሉ። «አመመህ? አየሽ ሂሩት! ይሄ ውኃ ነው! ዛሬውኑ ዕቃችሁን...»

ሰርቪሷ ከነመስኮቷ ፊቴ ድቅን አለች። «ኧረ ደህና ነኝ!» አልኩ። «በጣም ደህና ነኝ! እንዲያውም ጭኮው ይጨመርልኝ!»

ተጨመረልኝ። ያን ጊዜ ነው የገባሁበት የገባኝ። ለዓመታት እንደ ጃንጥላ ዘርግቼ የኖርኩባት ጨጓራዬ ዛሬ ልትረዳኝ አትችልም። አመመኝ ካልኩ ጉለሌ እገባለሁ፤ አላመመኝም ካልኩ እበላለሁ። ሂሩት ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ትስቃለች። እንደዚህ ዓይነት ሚስት ለጠላትም አልመኝ።

ከሰበታ ወደ ቡራዩ የሚወስደው ቀለበት በቶሌራ ወረቀት ላይ እንጂ በሾፌሩ ጭንቅላት ውስጥ አልነበረም። ስለዚህ አዲስ አበባ ገባን፤ አየር ጤና ላይ ቆመን፣ ቀለበት መንገዱ ላይ ቆመን፣ ዊንጌት ላይ ቆመን በአስኮ ወጣን። በየቆምንበት ቶሌራ ስለ መጓጓዣ ታሪክ በሜጋፎን ያስረዳናል። ጨጨብሳው ደግሞ ሚኒባሱ ጉድጓድ ውስጥ በገባ ቁጥር ወደ ላይ ብቅ እያለ ያየኛል።

ቡራዩ የገባነው ሀጂ ሸምሱ የሚባሉ የቆርቆሮና የምስማር ነጋዴ ቤት ነው። ስልጤዎች ናቸው። እዚህ ቤት አንድ ተስፋ ነበረኝ። ሥጋ ከቀረበ «እኛ ክርስቲያኖች የሙስሊም እርድ አንበላም» ብዬ በክብር ላመልጥ ነው። ሃይማኖቴ ትዝ ያለኝ እንዲህ በጭንቅ ሰዓት ነው። የሀጂ ባለቤት ወይዘሮ ሙንተሃ ግን ጨዋ ሴት ናቸው። «እናንተ የኛን ሥጋ እንደማትበሉ አውቃለሁ። አታስቡ፣ አተካና ነው የሠራሁት» አሉኝ እየሳቁ። አተካና ከቡላ፣ በቅቤና በአይብ የሚሠራ የስልጤ የክብር ምግብ ነው። ሰው ሲከበር ቅቤው ይበዛለታል፤ እኔን ደግሞ እጅግ አክብረውኛል።

«እርስዎስ አይበሉም?» አልኳቸው፣ አጋዥ ባገኝ ብዬ።

«ረመዳን ካለፈ ወዲህ የሸዋልን ስድስት ቀን እየጾምኩ ነው።»

«እሰይ እህቴ!» አሉ እትዬ አስካለ። ሄደው አጠገባቸው ተቀመጡ። ሁለቱ ሴቶች በአንድ አፍታ የዕድሜ ልክ ጓደኛ ሆኑ። የዘንድሮ ልጆች ጾም እንደማይችሉ፣ ውኃ ጥሙ ከረሃቡ እንደሚብስ፣ አምላክ እንደሚያበረታ አወሩ። ሲያወሩ ዓይናቸው ግን እኔ ላይ ነው። ሁለት ጿሚ እናቶች ጎን ለጎን ተቀምጠው እያዩት ቅቤ የዋጠ ሰው ምን እንደሚሰማው እኔ ልንገራችሁ። አፈርኩ። ከልቤ አፈርኩ። ማንኪያውን ግን ማቆም አልቻልኩም።

«ሆድ ሰጥቶታል፣ ማሻአላህ» አሉ ወይዘሮ ሙንተሃ።

«ምን ሆድ አለው፣ ጨጓራውን እኮ ያመዋል» አሉ እትዬ አስካለ።

ወይዘሮ ሙንተሃ ሳህኑን አዩ፤ እኔን አዩ፤ ተመልሰው ሳህኑን አዩ። «ጨጓራ የሚያመው ሰው ነው ይሄን ከነቅቤው...?»

እትዬ አስካለ ግንባራቸውን ቋጥረው ሲያዩኝ ሆዴ ውስጥ ያለው ሁሉ አብሮኝ ደነገጠ። ነገር ግን ሞኝ ሰው በጭንቅ ሰዓት ብልኅ የሆነ ይመስለዋል። አገሩን ማስወደድም ነው፣ ከጥርጣሬ ማምለጥም ነው ብዬ «በዚህ በኩል ስሆን ይሻለኛል» አልኩ። «አየሩ ነው መሰለኝ። ውኃውም ተስማምቶኛል።»

እትዬ አስካለ ነጠላቸውን አስተካከሉና ማሰብ ጀመሩ። እኔ አማቴ ሲናገሩ እንጂ ሲያስቡ አይቼ ስለማላውቅ ደስ አለኝ።

ወደ ሱሉልታ የሚኬደው እንደገና አዲስ አበባን ሰንጥቆ፣ በጉለሌ በኩል፣ እንጦጦን ዞሮ ነው። እትዬ አስካለ በገዛ ሰፈራቸው ሲያልፉ «እኔን ከዚህ ሰበታ ድረስ ያስመጣኸኝ መልሰህ በዚሁ ልታሳልፈኝ ነው?» አሉ። ቶሌራ ሜጋፎኑን አንስቶ «ጋይስ፣ ይሄ ጉለሌ ነው» አለ። የዚያን ቀን የተናገረው እውነት እሱ ብቻ ይመስለኛል።

ሱሉልታ ስንደርስ ዘጠኝ ሰዓት አልፏል። ነፋሱ ጆሮ ይቆርጣል። ሯጮች በመስኩ ዳር ሲያልፉ ቶሌራ «ይህ ሁሉ ጉልበት ከሱሉልታ ወተት ነው» ብሎ አዴ ብርቄ የሚባሉ የወተት ላም አርቢ ግቢ አስገባን። አዴ ብርቄ እርጎ በትልቅ እንስራ አቅርበው ይጠብቁናል። እትዬ አስካለ ጾማቸው ስለተፈታ ከቦርሳቸው ቆሎ አወጡ፤ ለሂሩትና ለሾፌሩ ዘገኑላቸው። ሦስቱ ፀሐይ ላይ ቁጭ ብለው እየቆረጠሙ ይሳሳቃሉ። በሕይወቴ እንደዚያን ቀን ቆሎ አምሮኝ አያውቅም። ግን ለእኔ ማን ይስጠኝ፣ እኔ እኮ እርጎ አለኝ።

«ከከተማ ድረስ ለእኔ ብለህ መጥተህ?» አሉ አዴ ብርቄ ዋንጫውን እየሞሉ። ጠጣሁ። ሞሉልኝ፤ ጠጣሁ። ጨጨብሳው ከአተካናው፣ አተካናው ከእርጎው ጋር ተጣሉ። ያን ጊዜ ከጡቴ በታች የሆነ ነገር እንደ እሳት አቃጠለኝ። ወገቤ ተቆለመመ። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ጨጓራ ምን እንደሆነ አወቅኩ። ስሙን ለዓመታት ስጠራው ኖሬ ዛሬ በአካል መጣልኝ።

«ምነው ጎነበስክ?» አሉ እትዬ አስካለ።

«ሣሩን እያየሁ ነው» አልኩ። «እንዴት ያለ ሣር አላቸው!»

ስንመለስ ቶሌራ «ጋይስ፣ አስተያየት!» ብሎ ሜጋፎኑን ለእትዬ አስካለ ሰጣቸው። እኔ የመጨረሻው ወንበር ላይ ሆዴን አቅፌ ፍርዴን እጠብቃለሁ። እትዬ አስካለ ሜጋፎኑን እንደ ልምድ ያላቸው ሰው ጠበቅ አድርገው ያዙት።

«ታሪክ ያልከውን ነገር እንኳ አላየሁም» አሉ። «አንድ ዛፍና አንድ አጥር ነው ያሳየኸኝ። ግን ዛሬ በዓይኔ ተአምር አየሁ። ይሄ ልጅ ጨጓራ አለብኝ ብሎ ሁዳዴን ጾሞ አያውቅም። ዛሬ ግን ያን ሁሉ ቅቤ ከነበርበሬው በልቶ፣ ያን ሁሉ እርጎ ጠጥቶ፣ ይኸው ደህና ነኝ ይላል። እኔ ውኃው ነው የገደለው ስል ለካ ውኃው ነው ያዳነው! በሉ ከዚህ አገር እንዳትወጡ። ሰርቪሷን አከራያታለሁ።»

ልቤ በደስታ ዘለለች። ጉለሌ ቀረች፣ መስኮቷ ቀረች! ሕመሜን ረስቼ ልስማቸው ስነሳ እሳቸው ገና አልጨረሱም ነበር።

«እንግዲህ ከዳነ ሰበብ የለውም። ከነገ ጀምሮ እንደ ማንኛውም ክርስቲያን እስከ ዘጠኝ ሰዓት ይጾማል። እኔም እየደወልኩ ቃሉን እሰማለሁ።»

ሾፌሩ «አሜን» አለ። ሂሩት እልል አለች፣ በሜጋፎን። ወደ እኔ ዞራ «እንኳን ለዚህ አበቃህ» ስትለኝ እናትየው አምነው ይሁን አውቀው ያደረጉት ልጠይቃት ፈለግኩ፤ ግን መልሱን ፈራሁ።

ይኸው አሁን በየቀኑ በስድስት ሰዓት፣ ጓደኞቼ ምሳ ሊወጡ ሲነሱ ስልኬ ይጮኻል። «ጨጓራህ እንዴት ዋለ?» ይሉኛል እትዬ አስካለ። ሰርቪሷ እስካሁን ተከራይ አላገኘችም። ከዚያ ረቡዕ ወዲህ ጨጓራዬ በእውነት ያቃጥለኛል፤ ሐኪም ዘንድ ብሄድም እሱም በእውነት ጾም ከልክሎኛል። ወረቀቱ ኪሴ ውስጥ ነው።

«ደህና ነው» እላቸዋለሁ።